ሻርክ ያልበላው ክንድ

ባለፈው ሳምንት የልጅ ልጄ ሃያት ለሠርጓ ጸጉሯን ልትቀባ ስትሄድ እኔንም አስከትላ ሄደች። ቤት ብቻዬን ስቀመጥ ደስ አይላትም፤ ወድቄ የምቀር ይመስላታል። ጸጉር ቤቱ አዳማ ፍራንኮ በሚባለው ሰፈር አንድ ፎቅ ላይ ነው። በመስኮቱ ቁልቁል ሲያዩት መንገዱ በባጃጅ ተሞልቶ ይጯጯሃል፤ እኔ በልጅነቴ በዚያው መንገድ የጋሪ ፈረስ ፋንድያ እየዘለልኩ ነበር ትምህርት ቤት የምሄደው። ሠራተኛዋ ልጅ ከአንድ ቱቦ ነጭ ነገር ጨምቃ፣ ከሌላ ጠርሙስ ደግሞ ጠብ አድርጋ በትንሽ ሳህን ስታማታ አንድ ሽታ ተነሣ። አፍንጫ ይሰነፍጣል፣ ዓይን ያስነባል፣ የከረመ ሽንት ይመስላል። «አሞኒያ ነው እማማ፣ አሁን ይለቃል» አለችኝ በሩን ከፈት እያደረገች።

«አውቀዋለሁ» አልኳት። «የሞተ ሻርክ እንዲህ ነው የሚሸተው።»

ሃያት በመስታወቱ ውስጥ አየችኝ። «ሻርክ ደግሞ የት አይተው ነው?»

«እዚሁ። ገበያው ዳር።»

ሁለቱም ሳቁ። አልፈረድኩባቸውም። ከአዳማ ተነሥቶ ባሕር ለመድረስ ስንት በረሃ እንደሚታለፍ ለሚያውቅ ሰው ነገሩ ያስቃል። ቀለሙ እስኪይዝላት ድረስ ግን የሆነውን ነገርኳት፤ ስጨርስ የሚስቅ አልነበረም።

ጊዜው ከተማዋን ሁላችንም ናዝሬት የምንልበት፣ ባሕሩም በመኪና የሚደረስበት ዘመን ነው። የአሰብ ሾፌሮች እኛ ከተማ አድረው ነበር የሚያልፉት። ፊያት የጭነት መኪኖቻቸውን በዋናው መንገድ ግራና ቀኝ ደርድረው ያቆማሉ፤ ከጋቢና ሲወርዱ ፊታቸው በጸሐይና በጨው ጠቁሮ፣ አንገታቸው ላይ ፎጣ ጠምጥመው፣ ወታደር ከዘመቻ የተመለሰ ይመስላሉ። ከመቀመጫቸው ሥር የማይወጣ ነገር አልነበረም፦ ቴምር በቅርጫት፣ የዓረብ ሽቶ፣ በባትሪ የሚሠራ ሬድዮ፣ ለሴት የሚያብረቀርቅ ሻሽ። ከባቡር ጣቢያው እስከ ገበያ በጋሪ ስሙኒ ነበር፤ በስሙኒ ላይ ትንሽ ሲጨመር ደግሞ ባለጋሪው ልጓሙን ረገብ አድርጎ እየዘፈነ ይወስድሃል። ወንዶቹ ጸጉራቸውን አጎፍረው፣ እግሩ መሬት የሚጠርግ ሱሪ ለብሰው፣ ከሲኒማው በር ላይ ተደርድረው ይቆማሉ። ከየቡና ቤቱ የሚሰማው አንድ ዘፈን ነበር፤ ግጥሙን ረስቼዋለሁ፣ ሳክስፎኑ መሐል ላይ ሲገባ ግን ልብ ይቆርጥ እንደነበር አልረሳሁም።

ወንድሜ ሰይድ በዚያ ሁሉ ወጣት መካከል የሚታይ ልጅ ነበር፣ አላህ ይዘንለት። ነጭ ቴትሮን ሸሚዝ ለብሶ እጅጌውን ከክርኑ በላይ ይጠቀልላል። ክንዶቹ ያምሩ ነበር፤ እሱም ያውቀዋል። የሚሠራው አንድ ነጋዴ ከከተማው ወጣ ብሎ ባቆመው የጥጥ መዳመጫ ውስጥ ነበር። አንድ ቀን ማሽኑ ጥጥ አንቆት ቆመ፤ ሰይድ ሊያጸዳ እጁን እንዳስገባ ማሽኑ ተነሣ። ቀኝ ክንዱን ከትከሻው ትንሽ ዝቅ ብሎ ወሰደው። ነጋዴው ሆስፒታል አንድ ጊዜ ብርቱካን ይዞ መጣ፤ ከዚያ በኋላ አላየነውም፣ መዳመጫውም ተሽጦ ሄደ። የታጨችለት ልጅ ቤተሰቦች ሽማግሌ ልከው «ነገሩ ይቅር» አሉ። ሰይድ ከሆስፒታል ሲወጣ ግቢያችን ውስጥ ካለችው ፓፓያ ሥር በርጩማ ላይ ተቀመጠ፤ ለወራትም ከዚያች በርጩማ አልተነሣም። ሊጠይቀው የሚመጣ ሰው መጀመሪያ ቀን ከንፈሩን ይመጥጣል፤ በሁለተኛው ቀን ስለ ሽንኩርት ዋጋ ያወራል።

ጋሽ ደምሴ የመጣው በዚያን ሰሞን ነው። ደምሴን ከተማው የሚያውቀው መኪናው ላይ ድምፅ ማጉያ ሰቅሎ የሲኒማ ማስታወቂያ ሲያዞር ነበር፤ የወርቅ ጥርስ አለው፣ ጸጉሩን በቅባት ወደ ኋላ ለጥፎታል፣ በጠራራ ፀሐይ ኮት ይለብሳል። አሁን ደግሞ ከአሰብ ሻርክ ጭኖ መጣ። ሻርኩን ጭኖ ካመጣለት ሾፌር በኋላ እንደሰማሁት፣ እዚያ አጥማጆቹ ሻርክ የሚፈልጉት ለክንፉ ነው። ክንፉ ደርቆ በመርከብ ሩቅ ምሥራቅ ይሄዳል፣ ለባለጠጎች ሾርባ ይሆናል ይባላል። ሻርኩን ጀልባ ላይ ይጎትቱና በሕይወቱ እያለ ክንፎቹን በካራ ይቆርጡበታል፤ ግንዱ ቦታ እንዳይዝባቸው መልሰው ወደ ባሕሩ ይጥሉታል። እየዋኘ ካልሆነ በቀር ብዙው ሻርክ መተንፈስ አይችልም፤ ክንፍ የሌለው እየተንከባለለ ወደ ታች ይወርዳል፣ ነፍሱም ቶሎ አትወጣም። ደምሴ ገና ካልተጣሉት ግንዶች አንዱን በርካሽ ገዛ። ክንፎቹን ከኮምፔርሳቶ አስጠርቦ፣ ግራጫ ቀለም ቀብቶ፣ በሽቦ አሰራቸው። ውስጡ ቆርቆሮ የተለበጠ ረጅም ሳጥን ውስጥ በበረዶና በጨው አጋድሞ፣ እንዳይበሰብስም የሬሳ መድኃኒት አስወግቶት፣ ገበያው ዳር ድንኳን ተከለ። ድምፅ ማጉያው «ሰው በላው መጥቷል» እያለ ቀኑን ሙሉ ይጮኻል። ለአዋቂ ሃምሳ ሳንቲም፣ ለልጅ ስሙኒ።

እኔም ገብቼ አየሁት። ሦስት ሰው ተቀጣጥሎ ቢተኛ ያህላል። ቆዳውን ከራሱ ወደ ጅራቱ ስዳብሰው ሐር ነው፤ እጄን ወደ ራሱ ስመልስ እንደ ሞረድ ፋቀኝ። አፉን በዱላ ከፍተውታል፤ ጥርሱ አንድ ረድፍ አይደለም፣ ከፊተኛው ኋላ ሌላ፣ ከዚያም ኋላ ሌላ ተኝቶ ተራውን ይጠብቃል። አፍንጫው ላይ በመርፌ የተወጋ የሚመስል ብዙ ትናንሽ ቀዳዳ አለ። እኔ ፈራሁት። ሰዉ ግን «ነቢዩ ዩኑስን የዋጠው ዓሣ ነው ብለን መጣን፣ ይኼ ትልቅ አምባዛ ነው» እያለ ወጣ። አንድ ጋሪ ነጂ በር ላይ ቆሞ ደምሴን «ሰው በላ ብለህ ጠርተኸን፣ የበላው ሰው የታለ?» አለው።

ደምሴ ያን ቃል ይዞ ነው ግቢያችን የመጣው። ሰይድን ሳይቀመጥ ከላይ እስከ ታች አየው።

«ክንድህን ምን ወሰደው?»

«ማሽን።»

«የምን ማሽን?»

«የጥጥ።»

ደምሴ ራሱን ነቀነቀ። «ማሽን ማንንም አያስፈራም። ሰው ሁሉ ማሽን ነው የሚሠራው፣ ማሽን ነው የሚመኘው። ከእኔ ጋር ና፤ ሻርክ ነው የወሰደኝ በል። የምትበላው ከእኔ ጋር፣ የቀረውን እንስማማለን።»

እናታችን ከማድ ቤት ወጣች። «ልጄን አላህ ባላመጣበት ነገር አታስምሉት» አለች። ሰይድ ግን በርጩማዋን ትቶ ተነሥቶ ነበር። እኔም የተጨመርኩት ሴቶች ሴት ካልቆመች ድንኳን አይገቡም ተብሎ ነው። እናታችን ከኋላው እንድሆን ስለፈለገች ነው የለቀቀችኝ፤ ሸሚዙን የምቆልፍለት፣ ጫማውን የማስርለት እኔ ነበርኩ።

ሰይድ መጀመሪያ ሳጥኑ አጠገብ ሲቆም ሻርኩን አላየውም፤ ያየው ሽቦውን ነው። የኮምፔርሳቶውን ክንፍ በጣቱ ነካ አድርጎ «ማን ነው እንዲህ የቆረጠው?» አለ። ሾፌሩ ነገረው። ከዚያ ሕዝቡ ሲገባ መናገር ጀመረ፤ ገና በመጀመሪያው ቀን ሰዉ ሁሉ ከሳጥኑ ወደ እሱ ዞረ። አሰብ ላይ ሙቀቱ እንዴት እንደሆነ፣ ውኃው እንዴት እንደ ወተት ለብ እንደሚል፣ ከሥሩ አንድ ጥላ እንዴት እንዳለፈ፣ እንዴት እንደያዘው፣ አጥንቱ ሲሰበር ውኃ ውስጥ እንዴት እንደሰማው፣ እንዴት እንደጮኸና ጩኸቱ አረፋ ሆኖ እንደወጣ። ወንድሜ በሕይወቱ ባሕር አይቶ አያውቅም። ሴቶች አለቀሱ። አንዲት የወሎ ሴት፣ የእናታችን ቢጤ፣ የተቆረጠውን ትከሻ በሁለት እጇ ይዛ ዱዓ አደረገችለት። ለማሽኑ ማንም እንዲህ አላለቀሰለትም ነበር። ማታ ሲተኛ ፊቱ ላይ ለወራት ያላየሁትን መልክ አየሁ፤ ደስታ ነው ለማለት ይከብደኛል፣ ግን ሰው የሚያደርግ ነገር ነበር።

ከናዝሬት ሻርኩን ጭነን ሶደሬ ሄድን። እሑድ ነበር፣ ከአዲስ አበባ የመጣ ሰው ሞልቷል፤ ፀጉራቸውን በፕላስቲክ የሸፈኑ ሴቶች፣ ሆዳቸውን በፎጣ የታጠቁ ሹማምንት። ሰይድን ከሰሙ በኋላ ግማሾቹ ፍል ውኃው መዋኛ ውስጥ መግባት ፈሩ። ዛሬ ሃያት ጓደኞቿን ይዛ እዚያው ሄዳ ፎቶ ስትነሣ እነዚያ ሹማምንት ይታዩኛል፤ እግራቸውን ነከር አድርገው የሚያወጡት። ሰው ግን ፍርሃቱ ሲያልፍለት ክፉ ይሆናል። እያንዳንዱ ቡድን ሊወጣ ሲል አንዱ ሻርኩ ላይ ይተፋል፣ አንዱ ሲጋራ ዓይኑ ላይ ያጠፋል። ደምሴ ይህን ሲያይ ዱላ ማከራየት ጀመረ። ሥጋውን መምታት የፈለገ ዱላውን ተቀብሎ ይመታል። ልጅ የታቀፉ እናቶች የልጃቸውን እጅ ይዘው አብረው ይመቱ ነበር። ሰይድ በዚያን ጊዜ ዞር ብሎ ይቆማል።

አርሲ ውስጥ ያለችው ደራ የደረስነው በገበያ ቀን ነው። በረዶው በመንገድ አልቋል። ሽታው የጀመረው እዚያ ነው፤ ሻርክ ሥጋው ውስጥ ሽንት የመሰለ ነገር ይዞ ነው የሚኖረው፣ ሲሞት ያ ነገር ወደዚህ ወደ ጸጉር ቀለሙ ሽታ ይለወጣል። ደምሴ የዓረብ ሽቶ አምጥቶ አፉ ውስጥ አፈሰሰ፤ ባሰበት። ቢሆንም የአርሲ ሰው ከየአቅጣጫው በፈረስ መጥቶ ነበርና ድንኳኑ አልጎደለም። አንዲት ረጅም ቀጭን ሴት፣ ጥቁር ሻሽ ያሰረች፣ ከአንዱ ቡድን ጋር ገብታ ሰማች፤ ከሚቀጥለው ጋር ከፍላ ደግማ ገባች፤ ሠለሰች። ሻርኩን አንድ ጊዜም አላየችም። ሰው ሲወጣ እሷ ቀረች። ወንድሜና እኔ የሰፈራችንን ኦሮምኛ ስለምንችል ንግግሩ በኦሮምኛ ነበር።

«አሰብ ነው ያልከው?» አለችው።

«አዎ፣ አዴ» አላት፤ እናቴ እንደ ማለት ነው።

«አዴ ሎሚ እባላለሁ። ልጄ ከድር አሰብ ወደብ ጭነት ያወርድ ነበር። ከሦስት ዓመት በፊት ሙቀት ሲያንገበግበው ባሕር ገባ፣ አልወጣም፤ ሻርክ ነው አሉ። ጓደኞቹ ጫማውን አመጡልኝ። ሳይሰማው ነው የሞተው ብለውኛል። አንተ ግን ጮህኩ አልክ።»

ሰይድ ከሳጥኑ ወዲህ አንድ እርምጃ ቀረባት።

«አጥንቴ ሲሰበር ሰማሁት አልክ። ሦስቴ ሰማሁህ። ሦስቴም እንደዚያው ነው ያልከው።»

«አዴ፣ እውነቱን ልንገርዎት፤ አይሰማም። መጀመሪያ ቅዝቃዜ ነው፣ ሌላ ነገር የለውም። ሰው ሲጮህ ሰምቼ ነው እኔ ራሴ ክንዴን ያየሁት።» ይህን ሲል ስለ ማሽኑ እየነገራት ነበር፤ እኔ አውቄዋለሁ።

«ይህን ለኔ ስትል ነው» አለች። «ለሕዝቡ የተናገርከው ነው ትክክሉ። ሆዱን ክፈቱልኝ። አጥንት ካለ እቀብራለሁ። የሚቀበር ነገር ስላልነበረኝ እስከ ዛሬ አላለቀስኩም።»

ደምሴ ከሸራው ኋላ ሆኖ ሰምቷል። ወጥቶ ሴትዮዋን በሁለት እጁ ጨበጣት፣ «ነገ» አላት፣ «ነገ በሕዝብ ፊት እንከፍትልዎታለን።» ወዲያው ድምፅ ማጉያውን ከፈተ፤ የሟች እናት በሻርኩ ሆድ ውስጥ ልጇን ትፈልጋለች እያለ ከደራ ጫፍ እስከ ጫፍ አዞረ። ሰይድ ተከተለው።

«ጋሽ ደምሴ፣ ልጁ ከሞተ ሦስት ዓመት አልፎታል። ምንም የለበትም።»

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ለምን?»

«ሸትቷላ። ነገ ካልከፈትነው ከነገ ወዲያ ማን ይቀርበዋል?»

በማግሥቱ ሰይድ ገና በጠዋት ቤቷን ጠይቆ ሄደ፣ እኔም ተከተልኩት። አዴ ሎሚ ደጃፏ ላይ ሻሿን እያሰረች ነበር። ክንዱን የወሰደው የጥጥ ማሽን እንደሆነ፣ ባሕር አይቶ እንደማያውቅ፣ ያለው ሁሉ ውሸት እንደሆነ ነገራት። እስኪጨርስ ሰማችው። «አዝነህልኝ ነው» አለችና ሻሿን አጥብቃ ተነሣች።

ከገበያው ሕዝብ ያላነሰ ሰው መጥቷል። ሥጋ ቆራጭ ተጠርቷል፤ ከከተማው ትምህርት ቤት አንድ ወጣት የሳይንስ መምህር ዳኛ እንዲሆን መሐረቡን አፍንጫው ላይ አድርጎ ቆሟል። ቢላዋው ሲገባ ብዙው ሰው ወደ ኋላ ሸሸና መልሶ ተጠጋ። መጀመሪያ የወጣው ጉበት ነው፤ ሁለት ሰው ተሸክሞ አወጣው። መምህሩ ሻርክ በውኃ ውስጥ የሚንሳፈፈው በዚህ ጉበት ዘይት እንደሆነ ተናገረ። «አጥንትም የለውም» አለ፤ «ጆሯችሁን ንኩት። አካሉ ውስጡ እንደዚያ ነው።» ሺህ ሰው ጆሮውን ያዘና ሳቀ። አዴ ሎሚ እጇን አላነሣችም። ከጨጓራው የዓሣ ጭንቅላት፣ የገመድ ቁራጭና አንድ ኮቴ ወጣ። ሰዉ አጉረመረመ። መምህሩ አገላብጦ አየና «የበግ ነው» አለ፤ በግ የሚጭኑ መርከቦች የሞተውን ወደ ባሕር ስለሚጥሉ ሻርኮች እየተከተሉ ይለቅማሉ።

«የበጉስ እናት አልመጣችም?» አለ አንዱ ከኋላ። ሳቁ ለረጅም ጊዜ አልበረደም።

ሥጋ ቆራጩ ከጨጓራው በታች ሌላ ከረጢት አገኘ። ሲቀደው ግልገሎች ወጡ፤ ክንድ የሚያህሉ፣ እያንዳንዳቸው እትብት ያላቸው፣ ዓይናቸው የተከፈተ፣ ክንፋቸው ያልተነካ። መምህሩ መሐረቡን ከፊቱ አወረደ። «ሴት ናት» አለ። እስከዚያ ቀን ሁላችንም እሱ ነበር የምንላት። «እንደ ሌላው ዓሣ እንቁላል አትጥልም፣ አርግዛ ነው የምትወልደው።» ጎረምሶቹ ግን እየሰሙት አልነበረም። ግልገሎቹን በጅራታቸው እያሽከረከሩ ልጃገረዶቹ ላይ መወርወር ጀመሩ።

አዴ ሎሚ እጇን ዘረጋች። አንዱ ጎረምሳ እየሳቀ አንድ ግልገል ሰጣት። በጅራቱ ይዛ ወደ ፊቷ አስጠግታ አየችው። ከዚያ መሬት ላይ አስተኛችው፤ ድንጋይ አነሣች፣ ራሱን ደቆሰችው። «ሌላ» አለች። አመጡላት። እንደዚያው አደረገች። ከሦስተኛው በኋላ አንድ ሰው ማጨብጨብ ጀመረ፣ ከዚያ ሁሉም አጨበጨበ። መምህሩ ወጥቶ ሄደ። ደምሴ ድምፅ ማጉያውን ከፈተው። እሷ ግልገሎቹን እስክትጨርስ ድረስ ፊቷ አልተለወጠም፣ እንባም አልወጣትም። «አለቀ?» ብላ ጠየቀች። አለቀ አሏት።

በዚያ መሐል ነው አንድ ሰው ሕዝቡን እየገፋ የመጣው። ፊቱ በደስታ በርቷል። «ሰይድ፣ አንተ ነህ እንዴ?» አለ። መዳመጫው ውስጥ አብሮት ይሠራ የነበረ ልጅ ነው፤ ደራ መጥቶ እህል ይነግዳል። በአንዱ ክንዱ አቅፎ፣ ለቆመው ሁሉ እንዲሰማ፣ «ማሽኑ የቆረጠው ቀን እኔ ነኝ ጋሪ ላይ ያስቀመጥኩት፤ ይኖራል ብዬ አላሰብኩም ነበር» አለ። ክፋት አልነበረበትም። ለወንድሜ ያን ቀን የሚያስታውስለት የመጀመሪያው ሰው ነው።

ሕዝቡ ለመረዳት ጊዜ አልፈጀበትም። ሻርኳን ሊመቱ የተከራዩዋቸው ዱላዎች እጃቸው ላይ ነበሩ። ሰይድን ሲጥሉት እኔ ላዩ ላይ ወደቅሁ፤ አንሥተው ወዲያ ወረወሩኝ። ደምሴ ሳጥኑንም ድንኳኑንም ትቶ መኪናውን አስነሥቶ ሄደ፤ ሲዞር ድምፅ ማጉያው እንደተከፈተ ነበር። የሰይድ ሸሚዝ ተቀዶ ጀርባው እየደማ ሳለ አዴ ሎሚ መሐል ገባች። አልጮኸችም። «የኔ እንግዳ ነው» አለች፤ የአርሲ ሰው ለእንግዳ ያለውን ክብር ታውቃላችሁ፣ ዱላው ወረደ።

ቤቷ ወሰደችን። ቁስሉን አጠበችው፣ ወተት ሰጠችው፣ ከሣጥን ውስጥ የከድርን ሸሚዝ አውጥታ አለበሰችው። ባዶው ቀኝ እጅጌ ቁስሉ ላይ እየተንዘላዘለ ስላስቸገረው እኔ ቋጠርኩት። ከዚያ ፊት ለፊቱ ተቀመጠች።

«አሁን ንገረኝ።»

«አዴ፣ ማሽን ነው ብዬዎታለሁ። ሰውዬውንም ሰምተውታል።»

«ሰምቻለሁ። የሱን አልፈልግም። ያንን ንገረኝ። አንተ ሳትሆን ከድር እንደሆነ አድርገህ።»

ወንድሜ እኔን አየኝ፤ ምን ልበለው? ነገራት። ሙቀቱን፣ ለብ ያለውን ውኃ፣ ጥላውን። አጥንቱ ጋ ሲደርስ ሊዘለው ሞከረ፤ «እሱንም» አለችው። ተናገረ። ጩኸቱ አረፋ ሆኖ ወጣ ሲል አዴ ሎሚ ደረቷን መታችና ጮኸች። ጎረቤት ሁሉ ሰምቶ መጣ። ሦስት ዓመት ሙሉ ያልተቀመጠው ለቅሶ በዚያ ቀን ተቀመጠ። ምንጣፍ ተነጠፈ፣ ሸኽ ተጠራ፣ ከሩቅ ወገን በፈረስ መጣ። የሚገባው ሁሉ ሰይድ አጠገብ እየተቀመጠ ልጁ እንዴት እንደሞተ፣ በመጨረሻ ማንን እንደጠራ ይጠይቀዋል። ከሚጠይቁት መካከል በዱላ የመቱት ነበሩ። ውሸት መሆኑን ሁሉም ያውቃል፤ ግን ሌላ የሚነግራቸው ሰው አልነበረም። ሰይድ ድምፁ እስኪዘጋ መለሰ። «እናቱን ጠራ» ይላቸዋል።

ሃያት እዚህ ላይ ስልኳን አውጥታ አንድ ነገር አሳየችኝ። ሻርክ ሰው አይወድም ይላል፤ የሚነክሰው ዓሣ መስሎት ነው፣ አንድ ጊዜ ቀምሶ ብዙውን ጊዜ ይለቃል። ይልቅ ሰው ነው እነሱን የጨረሰው። እኔ ይህን ያኔ አላወቅሁም፣ ሰይድም ሳያውቀው ሞተ። ከደራ ከተመለስን በኋላ ስለ ክንዱ ለጠየቀው ሁሉ «ቆይቷል» ከማለት በቀር ሌላ ቃል ሳይወጣው፣ ገበያው ውስጥ በግራ እጁ ጨርቅ ሲሸጥ ኖረ። አግብቶ ወለደ። ደምሴን መንገድ ላይ ሲያገኘው ሰላም ይለው ነበር።

ለቅሶው አልቆ ልንሄድ ስንነሣ አዴ ሎሚ እስከ አስፋልቱ ሸኘችን። ከአሰላ የሚመጣው አውቶቡስ ከሩቅ ይታይ ነበር። ሰይድ ጎንበስ ብሎ እጇን ሊስም ሲል ያዘችው።

«አንተን ሻርኳ ለምን ለቀቀችህ?» አለችው።

ማሽን ነው ይላታል ብዬ ጠበቅሁ። አላለም። እሷም እንደማይል ታውቃለች። ፊት ለፊት እያያት «ሂን ቤኩ» አለ፤ አላውቅም ማለቱ ነው።

«ከድር ካንተ ይበረታ ነበር» አለች። «ትከሻው ካንተ ይሰፋ ነበር።» ከዚያ ድምጿን ሳትለውጥ «ሸሚዙን አውልቅ» አለችው።

አውቶቡሱ ቆመ። ረዳቱ «ናዝሬት፣ ናዝሬት» እያለ ወረደ። እኔ ቁልፉን ልፈታለት እጄን ስሰድ «ተይው፣ ራሱ ያውልቅ» አለችኝ። ሰይድ በግራ እጁ አንድ በአንድ ፈታ። ቁስሉ ላይ የተጣበቀውን ሲያላቅቅ ትንፋሹን ያዘ። ተሳፋሪዎቹ በመስኮት ያዩ ነበር። ራቁት ደረቱን ሆኖ ሸሚዙን ሰጣት፤ ተቀበለችው፣ እኛን ከዚያ በኋላ አላየችንም።

ነጠላዬን አልብሼው ተሳፈርን። አውቶቡሱ ሲነሣ በኋለኛው መስታወት ዞሬ አየሁ። አዴ ሎሚ አስፋልቱ ዳር ቆማ የቀኙን እጅጌ ቋጠሮ በጥርሷ ትፈታ ነበር። ጠበቅ አድርጌ ነበር የቋጠርኩት።